እምቢ ያለ ፕሮግራምና ጥቁሩ መስኮት

ድርቅ ያለ ፕሮግራም ተከፍቶ ሳለ የማይታዘዝ ፕሮግራም ነው። አይሠራም፣ አይዘጋም፣ ምን እንደነካውም አይናገርም። መስኮቱ ነጣ ይላል፣ የማውሱ ቀስት ወደሚሽከረከር ክብ ይለወጣል፣ ከፋይሉ ስም አጠገብ በቅንፍ «ኖት ሪስፖንዲንግ» የሚል ጽሑፍ ብቅ ይላል። ባለቤቱ «ሃንግ አደረገ» ብሎ ሻይ ለመጠጣት የሚወርደው ያን ጊዜ ነው።

ዊንዶውስ ይህን ፍርድ የሚሰጠው በግምት አይደለም። የተጫነ ቁልፍም ሆነ የተነካ ማውስ በየፕሮግራሙ ደጅ ወረፋ ይይዛል፤ ፕሮግራሙም ወረፋውን በየጊዜው ብቅ እያለ ማየት ግዴታው ነው። 5 ሰከንድ ሙሉ ብቅ ሳይል ከቀረ ዊንዶውስ የፕሮግራሙን መስኮት ይደብቅና በቦታው መልኩ የተገለበጠ ምትክ መስኮት ያቆማል። ነጥቶ የሚታየው ይህ ምትክ ነው። ሰው የሚጎትተውም፣ የሚጨቀጭቀውም፣ የሚሰድበውም እሱን ነው፤ ዋናው ፕሮግራም ከኋላ ሆኖ ስድቡ አንዱም አይደርሰውም።

በእነዚያ በመጀመሪያዎቹ ሰከንዶች የሰው ጠባይ ከቢሮ ቢሮ አይለያይም። መጀመሪያ ያንኑ ቦታ ደግሞ ይጫናል። ቀጥሎ ጠንከር አድርጎ ይጫናል፤ ማውስ በኃይል ሲጫኑት ይፈጥናል የሚለው እምነት በየትኛውም መጽሐፍ ባይጻፍም የማያምንበት የለም። ከዚያ ጎረቤት ወንበር ላይ ያለው ባልደረባ «እስቲ እኔ ልሞክረው» ብሎ ይመጣና ማውሱን ተቀብሎ እዚያው ቦታ ላይ ይጫናል። ምትክ መስኮቱ ከመምጣቱ በፊት የተጫኑት ሁሉ ግን አልጠፉም፤ ወረፋ ላይ ናቸው። ፕሮግራሙ በራሱ ጊዜ ከነቃ አንድ በአንድ ይፈጽማቸዋል። አንድ ገጽ ደብዳቤ ለማተም ስድስት ጊዜ የተጫነ ሰው ስድስት ደብዳቤ ሲወጣለት ጥፋቱን በፕሪንተሩ ላይ ማላከኩ የተለመደ ነው።

ፕሮግራም የሚደርቅበት ምክንያት ብዙ ነው። አንዳንዱ ማለቂያ የሌለው ዙር ውስጥ ገብቶ ያንኑ ስሌት ይደጋግማል፤ ይህ በፋኑ ጩኸት ይታወቃል። አንዳንዱ የማይመጣ ነገር ይጠብቃል፦ የተቋረጠ ኔትወርክ፣ ያልበራ ፕሪንተር፣ ሳይነገረው የተነቀለ ፍላሽ። ሌላው ከራሱ ጋር ተጣልቷል፤ በውስጡ ካሉት ሁለት ሥራዎች አንዱ የያዘውን ሳይለቅ ሌላው የያዘውን ይጠብቃል፣ ያኛውም እንዲሁ፣ በዚያው ተፋጠው ይቀራሉ። ራም ሞልቶ ኮምፒውተሩ ሥራውን ወደ ሀርድ ዲስክ ማመላለስ ሲጀምር ደግሞ የሚደርቀው አንድ ፕሮግራም ብቻ አይደለም፤ ሁሉም አብረው ያዘግማሉ፣ ተጠያቂውን ለመለየትም ያስቸግራል።

ደርቋል የተባለ ሁሉ ግን ደርቋል ማለት አይደለም። የመንግሥት በጀት ዓመት በሚዘጋበት በሰኔ 30 ዋዜማ በብዙ ሺህ ረድፍ የተሞላና እርስ በርሱ በቀመር የተሳሰረ የኤክሴል ፋይል የተከፈተበት ኮምፒውተር ነጭ ሆኖ ደቂቃዎች ሊያልፉት ይችላል፤ እየሠራ ነው። የሲፒዩውና የዲስኩ አጠቃቀም ከፍና ዝቅ እያለ ከሆነ መታገሥ ይሻላል። ሁለቱም ዜሮ ላይ ተኝተው ወይም ሲፒዩው አንድ ቁጥር ላይ ተቸክሎ ከቀረ ግን ትዕግሥቱ ትርፍ የለውም።

የሒሳብ ክፍል ሠራተኛዋ ኤክሴል ሲደርቅባቸው የሚጠሩት የአይቲውን ልጅ ነው። ልጁ ቆሞ ስክሪኑን ያያል፣ ማውሱን ነቅነቅ ያደርጋል፣ ከዚያ ማንም የማይወደውን ጥያቄ ይጠይቃል።

«እትዬ፣ ሴቭ አድርገውት ነበር?»

«እኔ ስንት ነገር ላይ ሆኜ! አንተ ብቻ ሳታጠፋ አስነሳልኝ።»

ለዚህ ጥያቄ ከ«አዎ» ሌላ የሚሰጥ መልስ ሁሉ «አላደረግሁም» ማለት እንደሆነ የአይቲ ሰዎች ያውቃሉ። አሮጌው መድኃኒት፣ ማለትም ከሶኬቱ ነቅሎ መሰካት፣ እዚህ ላይ አይሠራም። አንድ የደረቀ ፕሮግራም ለማስወጣት ሲባል በደህና የሚሠሩት ሁሉ አብረው ይወጣሉና። መብራት ብዙ ጊዜ ይህን ውሳኔ ከባለቤቱ ቀድሞ መወሰኑ ውሳኔውን ትክክል አያደርገውም።

ከመንቀል የተሻለው የመጀመሪያው ዘዴ እ.ኤ.አ. በ1981 ከወጣው ከአይቢኤም የግል ኮምፒውተር ጋር የመጣው የሦስት ቁልፎች ጥምረት ነው፦ ኮንትሮል፣ አልት፣ ዲሊት። ያዘጋጀው የአይቢኤም ኢንጂነር ዴቪድ ብራድሊ ሲሆን የታሰበውም ለራሳቸው ለሠሪዎቹ፣ ኮምፒውተሩን ሳያጠፉ ቶሎ እንዲያስነሱበት ነበር። በዚያ ኪቦርድ ላይ ቁልፎቹ ተራርቀው ስለተቀመጡ በአንድ እጅ በስሕተት መጫን አይቻልም ነበር። ኮምፒውተሩ 20ኛ ዓመቱን ባከበረበት በ2001 ዝግጅት ላይ ብራድሊ፣ ቢል ጌትስ አጠገቡ ተቀምጦ ሳለ፣ ጥምረቱን የፈጠረው እሱ ቢሆንም ዝነኛ ያደረገው ግን ጌትስ እንደሆነ ተናግሮ አዳራሹን አስቋል። የጌትስ ፊት እምብዛም አልፈታም።

ጥምረቱ በመጀመሪያ የሚያውቀው ሁሉንም ማስነሣት ብቻ ነበር። አንዱን ለይቶ ማስወጣትን ለተራው ተጠቃሚ ያቀለለው ታስክ ማኔጀር ነው። ይህን የጻፈው ዴቭ ፕላመር የተባለ የማይክሮሶፍት ባለሙያ በቤቱ፣ በትርፍ ሰዓቱ ሲሆን በ1996 ከዊንዶውስ ኤንቲ 4.0 ጋር ወጣ። ኮንትሮል፣ ሺፍትና ኤስኬፕ በአንድነት ሲጫኑ ይከፈታል፤ ለአብዛኛው ችግርም በቂ ነው። የማይበቃው ታስክ ማኔጀሩ ራሱ ሲዘገይ፣ ሃያ የአንድ ፕሮግራም ቅጂዎች ተከፍተው አንድ በአንድ መዝጋት ሲያታክት፣ ወይም ኮምፒውተሩ ሌላ ከተማ ሆኖ የሚታዘዘው በኔትወርክ በኩል ብቻ ሲሆን ነው። ያኔ የሚቀረው ጥቁሩ መስኮት ነው።

ጥቁሩ መስኮት፣ ማለትም የትእዛዝ መስመር፣ በፊልም ላይ ኮፍያ ያጠለቁ ወጣቶች ባንክ ሲዘርፉበት ስለሚታይ መጥፎ ስም አትርፏል። በእውነቱ ከኮምፒውተሩ መስኮቶች ሁሉ ጭምቱ እሱ ነው። ሥዕል የለውም፣ ማስታወቂያ የለውም፣ የሚይዘው ራም ጥቂት ነው፤ የተጻፈለትን ብቻ ይፈጽማል። አደጋውም እዚሁ ላይ ነው፤ የተጻፈለትን በሙሉ ይፈጽማል። ታስክ ማኔጀር አንዳንድ ጊዜ «እርግጠኛ ነህ?» ብሎ ይጠይቃል፤ ጥቁሩ መስኮት ኢንተር የተመታው በእርግጠኝነት እንደሆነ አድርጎ ይወስዳል።

በዊንዶውስ መስኮቱን ለመክፈት የዊንዶውስ ምልክት ያለበትን ቁልፍ ከአር ጋር ተጭኖ ሲ፣ ኤም፣ ዲ የሚሉትን ሦስት ፊደላት ጽፎ ኢንተር መምታት ይበቃል። እዚህ ላይ በላቲን ፊደል ብቻ የሚጽፉ ሰዎች እምብዛም የማያውቁት ችግር አለ። ኪቦርዱ በፓወር ግዕዝ ወይም በሌላ የግዕዝ መጻፊያ ላይ እንደሆነ ከተረሳ የሚጻፈው ትእዛዝ ፊደሉ ተለውጦ ይወጣል፤ ኮምፒውተሩም እንዲህ ያለ ትእዛዝ አላውቅም ይላል። ትእዛዞቹ ሁሉ የሚጻፉት በላቲን ፊደል ነው፤ በዚህ ጽሑፍ በድምፃቸው ተቀምጠዋል።

መጀመሪያ የሚጻፈው «ታስክሊስት» ነው። በዚያች ደቂቃ በኮምፒውተሩ ውስጥ ያሉ ፕሮግራሞች በሙሉ በዝርዝር ይወርዳሉ፤ የእያንዳንዱ ስም፣ መለያ ቁጥር፣ የሚይዘው ራም። አንድም ነገር ሳይከፈት ከመቶ በላይ ስም መውረዱ መጀመሪያ የሚያይ ሰውን ያስደነግጣል፤ ብዙዎቹን አልከፈታቸውም፣ አያውቃቸውም፣ ቫይረስ የገባ ይመስለዋል። አብዛኞቹ የዊንዶውስ የራሱ ሠራተኞች ናቸው። «ኤስቪሲሆስት» የሚለው ስም ደርዘን ጊዜ ተደጋግሞ መታየቱም ጤነኛ ነው። ከእነዚህ ሥር የሰደዱት እንዲወጡ ሲታዘዙ ወይ «አክሰስ ኢዝ ዲናይድ» ተብሎ ይመለሳል፣ ወይ በአስተዳዳሪ ሥልጣን የተከፈተ መስኮት ከሆነ ዊንዶውስ ራሱ ሰማያዊ ስክሪን አሳይቶ ይቆማል። ያልታወቀ ስምን በጥርጣሬ ብቻ ማባረር በኮምፒውተርም አያዋጣም።

የሚፈለገው ስም ከተገኘ በኋላ የሚጻፈው «ታስክኪል» ነው። ከኋላው ወይ ስላሽና ፒአይዲ ተጽፎ መለያ ቁጥሩ ይገባል፣ ወይ ስላሽና አይኤም ተጽፎ የፕሮግራሙ ስም ከነነጥቡና ከነኢኤክስኢው ይገባል። ልዩነቱ ትልቅ ነው። በቁጥር የተጠራ አንዱ ብቻ ይወጣል፤ በስም ሲጠራ የዚያ ስም ባለቤቶች ሁሉ ይወጣሉ። አንዱ ወርድ ደርቆ በሌላው ወርድ ላይ የግማሽ ቀን ሥራ ተከፍቶ ከሆነ በስም መጥራት ግማሽ ቀኑን አብሮ መጥራት ነው። ብዙ ጊዜ ግን ሁሉም የወርድ ሰነዶች በአንድ መለያ ቁጥር ሥር ስለሚኖሩ በቁጥር መጥራቱም አያድንም፤ ጤነኞቹን ሰነዶች አስቀድሞ ሴቭ ማድረግ ይሻላል።

እንዲሁ ሲታዘዝ ታስክኪል ጨዋ ነው። ለፕሮግራሙ መስኮቱን እንዲዘጋ መልእክት ይልካል እንጂ አያስገድደውም፤ ያልተቀመጠ ሥራ ካለ ፕሮግራሙ «ሴቭ ላድርግልህ?» ብሎ ሊጠይቅ ይችላል። መልእክቱ እንደተላከም ጥቁሩ መስኮት «ሰክሰስ» ብሎ በትልቅ ፊደል ይጽፋል። የተሳካው ግን መላኩ ነው። ፕሮግራሙ እዚያው እንደተገተረ ነው፤ ባለቤቱ አንዴ ስክሪኑን አንዴ «ሰክሰስ» የሚለውን እያየ ከሁለቱ የትኛውን እንደሚያምን ይቸገራል። የሪፖርቱና የሥራው መለያየት ከኮምፒውተር የመጣ ባይሆንም ኮምፒውተርም አልተወውም። እውነቱን ማወቅ የፈለገ ታስክሊስትን እንደገና ጠርቶ ስሙ መኖሩን ያያል።

ጨዋው መንገድ ካልሠራ ስላሽና ኤፍ ይጨመራል። ይህ ማስገደድ ነው፤ ፕሮግራሙ አይጠየቅም፣ ሴቭም አያደርግም። ስላሽና ቲ ሲታከልበት ፕሮግራሙ የወለዳቸው ሌሎች ፕሮግራሞችም አብረው ይወጣሉ፤ በየትሩ ራሱን ለሚያባዛ ብራውዘር ይህ ጥሩ ነው። ከሁሉ የሚያስደስተው ግን ማጣሪያው ነው፦ «ስላሽ ኤፍአይ» ተብሎ፣ በትእምርተ ጥቅስ ውስጥ «ስታተስ ኢኪው ኖት ሪስፖንዲንግ» ሲጻፍ ስም ሳይጠሩ፣ ቁጥር ሳይፈልጉ የደረቁትን ብቻ መልቀም ይቻላል። ታስክሊስትም ያንኑ ማጣሪያ ይቀበላል፤ መጀመሪያ በእሱ ማየት፣ ቀጥሎ በታስክኪል ማስወጣት የብልህ ሥራ ነው።

በስሕተት የሚባረር አንድ የታወቀ ሰለባ አለ፤ «ኤክስፕሎረር»። ፎልደር ደርቆበት ኤክስፕሎረርን በኃይል ያስወጣ ሰው ታችኛው የታስክ ባር፣ ስታርት የሚለው ቁልፍና ዴስክቶፑ ላይ ያሉት ፋይሎች በሙሉ በአንድ ጊዜ ብን ብለው ሲጠፉ ያያል። የዓመት ፎቶና ደብዳቤ ሁሉ ዴስክቶፕ ላይ በሚከማችበት አገር ይህ ቀላል ድንጋጤ አይደለም። ፋይሎቹ ግን የትም አልሄዱም፤ የጠፋው እነሱን የሚያሳየው ፕሮግራም ነው። እዚያው ጥቁር መስኮት ላይ «ስታርት ኤክስፕሎረር» ተብሎ ሲጻፍ ሁሉም ወደ ቦታው ይመለሳል። መስኮቱ አብሮ ተዘግቶ ከሆነም በኮንትሮል፣ ሺፍትና ኤስኬፕ ታስክ ማኔጀርን ከፍቶ ከዚያ ማስጀመር ይቻላል።

ሊኑክስና ማክ የሚከተሉት ሥርዓት ከዚህ የቆየ ነው። ምንጩ በ1969 አሜሪካ ውስጥ በቤል ላብስ በኬን ቶምፕሰንና በዴኒስ ሪቺ የተጀመረው ዩኒክስ ነው። ዩኒክስ የተሠራው ብዙ ሰው በአንድ ኮምፒውተር ለሚሠራበት ጊዜ ነበርና የአንዱ ፕሮግራም ሲበላሽ ኮምፒውተሩን ማጥፋት የማይታሰብ ነበር፤ ሌላው ሰው ምን አጠፋ? ስለዚህ ለይቶ የማስወጣቱ ጥበብ እዚያ በረቀቀ መልክ አደገ።

ዝርዝሩን የሚያሳየው «ፒኤስ» ነው፤ ከኋላው ኤ፣ ዩ፣ ኤክስ ሲጨመር የሁሉንም ያወርዳል። እየተለዋወጠ ለማየት «ቶፕ» ይሻላል፤ ብዙ ሲፒዩ የሚበላው ከላይ ይቀመጣል። በሊኑክስ አንድ ኮር መቶ ፐርሰንት ተብሎ ስለሚቆጠር አራት ኮር ባለው ኮምፒውተር ላይ አንድ ፕሮግራም 300 ፐርሰንት እየሠራ ሊታይ ይችላል፤ ከዕቅድ አፈጻጸም ሪፖርት ቀጥሎ ከመቶ በላይ የሚሠራበት ቦታ ይህ ነው። ከዝርዝሩ ውስጥ ስም ለመፈለግ ፒኤስን «ግሬፕ» ከሚባለው ፈላጊ ጋር ማገናኘት የተለመደ ሲሆን ጀማሪን የሚያታልል አንድ ነገር አለው። ፈላጊው ራሱ ፕሮግራም ነው፤ የሚፈልገውንም ስም ተሸክሞ ስለሚዞር በውጤቱ ውስጥ ራሱን ያገኛል። ጀማሪው ያን ቁጥር ይዞ ሊያስወጣው ሲሞክር ፈላጊው ሥራውን ጨርሶ ሄዷል፤ ኮምፒውተሩም እንዲህ ያለ ፕሮግራም የለም ይላል። እንደገና ይፈልጋል፣ እንደገና አዲስ ቁጥር ያገኛል። ይህ ማሳደድ ደቂቃዎች ሊፈጅ ይችላል። ከዚህ ለመዳን በዚያው ፋንታ «ፒግሬፕ» ይባላል፤ እሱ ራሱን አይቆጥርም።

የማስወጫው ትእዛዝ «ኪል» ነው። ስሙ ያስፈራል እንጂ ሥራው መልእክት ማድረስ ነው። መልእክቶቹ ቁጥር አላቸው፤ በሊኑክስ መደበኛዎቹ 31 ናቸው። ቁጥር ሳይጠቀስ ኪል ብቻ ተብሎ መለያው ከተጻፈ የሚደርሰው ቁጥር 15 ነው፦ ሥራህን ጨርስና ውጣ። ጤነኛ ፕሮግራም ይህ ሲደርሰው ፋይሉን ይዘጋል፣ ጊዜያዊ ቅጂዎቹን ይሰርዛል፣ ይወጣል። ግን መልእክቱን ሰምቶ ጆሮ ዳባ ልበስ ማለትም መብቱ ነው። ቁጥር 2 ኮንትሮልና ሲ ሲጫኑ የሚላከው ነው። ቁጥር 1 የስልክ መስመር ሲቋረጥ እንዲላክ የተደረገ የድሮ መልእክት ሲሆን ዛሬ ብዙ ሰርቨሮች ቅንብራቸውን እንደገና እንዲያነቡ ማሳሰቢያ አድርገውታል። በተለመደው የቢሮ ኮምፒውተር ላይ ባለ ሊኑክስ 19 ፕሮግራሙን ባለበት ያቆመዋል፣ 18 ካቆመበት ያስቀጥለዋል፤ ሌላ ሥራ እስኪያልቅ አንዱን ጫጫታ የሚያበዛ ፕሮግራም ጸጥ ለማሰኘት እነዚህ ሁለቱ ከሚታወቁት በላይ ይጠቅማሉ።

ቁጥር 9 ሌላ ነው። ይህ ለፕሮግራሙ አይነገርም። የኮምፒውተሩ ልብ የሆነው ከርነል ራሱ ተቀብሎ ፕሮግራሙን ያስወግደዋል፤ ማገድም፣ ችላ ማለትም፣ መሰናበትም የለም። ለዚህም ነው ተወዳጅ የሆነው። ከሊኑክስ ጋር በተዋወቁ በሳምንቱ ወጣቶች ሌላውን ሁሉ ረስተው የሚያስታውሱት «ኪል ጭረት 9» የሚለውን ነው፤ በደረት ኪስ እንደያዙት ማኅተም በሁሉም ላይ ያሳርፉታል። ልማዱ መጥፎ ነው። ዳታቤዝ መዝገብ እየጻፈ ሳለ በ9 ከተመታ ተመልሶ ሲነሳ ያቋረጠውን ለመጠገን ረጅም ጊዜ ሊወስድ ይችላል፤ ተራ ፕሮግራም ደግሞ ግማሹ የተጻፈ ፋይል ትቶ ይሄዳል። ኮምፒውተሩ ራሱ ሲጠፋ እንኳ ይህን ሥርዓት ያከብራል። ሲስተምዲ የሚያስተዳድረው ሊኑክስ ሲዘጋ መጀመሪያ 15 ይልካል፣ ሌላ ካልተባለ እስከ 90 ሰከንድ ይጠብቃል፣ 9 የሚመጣው ከዚያ በኋላ ነው። ሰውስ ለምን 5 ሰከንድ አይጠብቅም?

ቁጥር መፈለግ ለሚታክተው በስም የሚጠራ «ኪልኦል» አለ፤ «ፒኪል» የሚባለውም በ1998 ሶላሪስ 7 ከተባለው የዩኒክስ ዓይነት ጋር መጥቶ ወደ ሌሎቹ ተዛምቷል። ኪልኦል ላይ የቆየ ወጥመድ ነበር። በሊኑክስ የሚጠራው በስም የተጠቀሰውን ነው፤ በሶላሪስ ግን ያው ትእዛዝ ያለውን ሁሉ ያስወጣ ነበር፣ ሥራውም ኮምፒውተሩን ለማጥፋት ማመቻቸት ነበርና። ሊኑክስ የለመደ ባለሙያ በሶላሪስ ሰርቨር ላይ አንድ ፕሮግራም ሊያስወጣ ብሎ ሰርቨሩን በሙሉ ባዶ ማድረጉ በሙያው ውስጥ የታወቀ ጥፋት ነው። የኪል ዓይነተኛ ጥፋት ደግሞ በመለያው ቦታ ላይ ጭረት 1 መጻፍ ነው፤ ትርጉሙ «ሥልጣኔ የሚደርስባቸው ሁሉ» ማለት ነው።

ሥልጣን ሲባል፣ ተራ ተጠቃሚ ማስወጣት የሚችለው የራሱን ፕሮግራሞች ብቻ ነው። የሌላውን ለመንካት «ሱዶ» ብሎ የበላይነት መጠየቅ ያስፈልጋል። መለያ ቁጥር 1ን፣ የሁሉንም አያት፣ ግን በሱዶም ቢሆን በ9 ማስወጣት አይቻልም፤ ከርነሉ አይፈቅድም። በግራፊክ መስኮት ላይ ላሉት ደግሞ «ኤክስኪል» የሚባል አለ። ሲጠራ የማውሱ ቀስት ወደ ራስ ቅል ምልክት ይለወጣል፤ ከዚያ የተነካው መስኮት ይዘጋል። በዚህ መልኩ የተያዘ ማውስን ይዞ ማስነጠስ አይመከርም።

በ9ም የማይሄዱ ሁለት ዓይነቶች አሉ። በዝርዝሩ ላይ ዜድ የሚል ፊደል የያዘው የሞተ ነው። በዩኒክስ ሥርዓት እያንዳንዱ ፕሮግራም ወላጅ አለው፤ ልጁ ሲያልቅ ወላጁ ዜናውን እስኪቀበል ድረስ ስሙ ከመዝገቡ አይፋቅም። መርዶ ያልተነገረበት ቤት ማለት ነው፦ ሟቹ ካለፈ ቆይቷል፣ ጎረቤት ሁሉ ያውቃል፣ ወላጅ ግን ስላልሰማ ስሙ እስካሁን ከሕያዋን ጋር ይጠራል። የሞተን ደግሞ መግደል ስለማይቻል 9 እየደጋገሙ መላክ ትርፉ ድካም ነው። ራምም ሲፒዩም አይበላም፤ የያዘው በመዝገቡ ላይ ያለችውን ቁጥር ብቻ ነው። መፍትሔው ወላጁን ማስወጣት ነው፤ ያኔ ወላጅ አልባው ለመለያ ቁጥር 1 ይሰጣል፣ እሱም ዜናውን ተቀብሎ ስሙን ያስፍቃል።

ሁለተኛው ዲ የሚል ፊደል የያዘው ነው። ይህ በሕይወት አለ፤ ግን ከዲስክ ወይም ከኔትወርክ ፎልደር መልስ እየጠበቀ በከርነሉ ውስጥ ተኝቷል፣ መልሱ እስኪመጣም አይቀሰቀስም። 9 ይደርሰዋል፣ ግን ደጅ ላይ ይጠብቃል። የፎልደሩ ባለቤት የሆነው ሰርቨር ተመልሶ ከተነሳ ፕሮግራሙ ይነቃና በዚያው ቅጽበት ይወጣል። የተጠበቀው ነገር ተመልሶ የማይመጣ፣ ለምሳሌ የተበላሸ ዲስክ ከሆነ ግን ያለው አማራጭ ኮምፒውተሩን ማስነሣት ነው፤ በሥርዓት መጥፋት ካልቻለ የማብሪያውን ቁልፍ ቢያንስ ለ4 ሰከንድ ተጭኖ መያዝ ብዙዎቹን ኮምፒውተሮች ያጠፋል። ያ ሁሉ ትእዛዝ ተጠንቶ መጨረሻው ቁልፍ መጫን መሆኑ ያናድዳል፤ ቢሆንም ከሶኬት ለመንቀል ከተነሳው ሰው በዚህ ይለያል፦ ለምን እንደሚያጠፋ ያውቃል።

ሰው ሳያዝዘው ሊኑክስ ራሱ የሚያስወጣበት ጊዜም አለ። ራም ጨርሶ ሲያልቅ ከርነሉ ለየፕሮግራሙ ነጥብ ይሰጣል፤ በዋናነት ብዙ ራም የያዘው ከፍተኛውን ነጥብ ያገኝና ያለ ማስጠንቀቂያ ይባረራል። ብዙ ጊዜ ይህ በዚያን ሰዓት ከሁሉ በላይ የሚፈለገው ፕሮግራም ነው፤ ብዙ የያዘው ብዙ ስለሚሠራ ነውና። ነጥቡ ተስተካክሎ አንዳንዱ እንዲተርፍ ማድረግ ይቻላል፤ ራም መጨመር ግን ይቀላል።

ፕሮግራሙ ከወጣ በኋላ የሚቀር ጣጣ አለ። ወርድ ሰነድ ሲከፍት ስሙ በ«ቲልድ» ምልክት የሚጀምር ትንሽ የተደበቀ ፋይል በአጠገቡ ያኖራል፤ ሰነዱ ተይዟል ለማለት ነው። በኃይል የተባረረ ወርድ ይህን ፋይል ሳያነሣ ይሄዳል። ባለቤቱ ሰነዱን እንደገና ሲከፍት «ሰነዱን ሌላ ሰው እየሠራበት ነው» ይባላል፤ የሰውየው ስም ሲታይ የራሱ ነው። ብዙ ጊዜ ምክንያቱ የቀደመው ወርድ መስኮቱ ጠፍቶ እሱ ግን ከበስተኋላ መቅረቱ ነው። ታስክሊስት ላይ «ዊንወርድ» የሚል ስም ከተገኘ ማስወጣት፣ ካልተገኘ የተደበቀውን ትንሽ ፋይል መሰረዝ ነገሩን ይፈታል።

ያልተቀመጠው ሥራ ራሱ በከፊል ሊተርፍ ይችላል። ወርድም ኤክሴልም ካልተነኩ በየ10 ደቂቃው የማገገሚያ ቅጂ ያስቀምጣሉ፤ ከመባረር በኋላ ሲከፈቱ በስክሪኑ ግራ በኩል ያቀርቡታል። ያን ሳያነቡ በችኮላ «ክሎዝ» የሚሉት ብዙዎች ናቸው፤ ቅጂውን ሁለተኛ ጊዜ ማግኘት ከባድ ነው። የደቂቃው ቁጥር የሚገኘው «ፋይል» ውስጥ ገብቶ «ኦፕሽንስ»፣ ከዚያ «ሴቭ» በሚለው ሥር ነው። አሁን ገብተው 10ን በ3 ይተኩት፤ ኮምፒውተሩ አይጎዳም።